አማችና አማት ሸራ ሲቀይሩ

መምህር ተረፈ ክፍል ውስጥ አንበሳ ነው። ሆሳዕና ላይ ጂኦግራፊ ያስተማራቸው ልጆች ዛሬም መንገድ ላይ ሲያዩት ሸሚዛቸውን ሱሪያቸው ውስጥ ይከታሉ። ይኸው አንበሳ ዶዮገና፣ የሚስቱ ቤተሰቦች ግቢ ሲገባ ግን ምን እንደሚነካው እንጃ፣ በግ ይሆናል። በግ ቢሆን እንኳ ደግ ነበር። የዶዮገና በግ ሲጎትቱት እግሩን ተክሎ እንቢ ይላል፤ ተረፈ እሱንም አያውቅበትም።

ይህን ጉዱን ራሱም አሳምሮ ያውቀዋል። ራሄልን ያገባ ሰሞን አማቱ ወይዘሮ ውቢት የቡላ ገንፎ አቅርበው «ቅቤ ይወዳሉ?» ብለው ጠየቁት። ጨጓራው በሽተኛ መሆኑን እያወቀ «ነፍሴ ነው!» አለ። ደህና ነው ማለት ይበቃ ነበር እኮ! «ነፍሴ ነው»ን ምን አመጣው? ከዚያ ቀን ወዲህ ዶዮገና በሄደ ቁጥር ገንፎው በቅቤ ተጥለቅልቆ ይቀርብለታል፤ እሱም «ኧረ እንዴት ያለ ቅቤ ነው!» እያለ ጥርግ አድርጎ ይበላና፣ ሲመለስ ሆዱን ይዞ እያቃሰተ ይነዳል። ሚስቱ ራሄል ነርስ ናትና መድኃኒቱን ከቦርሳዋ አውጥታ ታቀብለዋለች።

«ንገራቸው እንጂ!» ትለዋለች።

«ዝም አይነቅዝም» ይላታል እሱ።

እውነት ነው፣ ዝም አይነቅዝም። የነቀዘው የተረፈ ጨጓራ ነው።

በዚያ ቅዳሜ የገጠመው ነገር ግን ከቅቤም የባሰ ነበር። የራሄል አባት የአቶ ማቴዎስ ዓይን ሞራ ለብሷል። አንደኛው ከጠፋ ቆይቷል፤ ሁለተኛውም ብርሃንና ጥላ ከመለየት አያልፍም። የዓይን ሐኪሞች ቡድን ሆሳዕና መጥቶ ሞራ እየገፈፈ ነው፤ ሰኞ ሥራውን ጨርሶ ይሄዳል፤ ከዚያ በኋላ መቼ እንደሚመለስ የሚያውቅ የለም። ሰውየው ግን «ዓይኔ ምንም አልሆነም» ብለው ድርቅ አሉ። ራሄል ለመነች፣ አለቀሰች፣ ተቆጣች፤ ወይ ፍንክች!

«እኔ ልጅ ነኝ፣ አይሰሙኝም» አለችው ለባሏ፣ ጠዋት መኪና ውስጥ ሲገቡ። «አማች ሲናገራቸው ግን ያፍራሉ። ዛሬ የምትነግራቸው አንተ ነህ። አንዲት አረፍተ ነገር ናት፤ 'አባባ፣ አይታይዎትም፣ እንሂድ'። በቃ። ትችላለህ?»

«ምን አላት እሷ!» አለ ተረፈ፤ ሚስቱ ፊት ደፋር ነው።

መንገዱን ሙሉ አረፍተ ነገሯን አጠናት። ሁለቱ ልጆቹ ከኋላ ይሳሳቃሉ፣ እሱ ከንፈሩን ያንቀሳቅሳል። ፍሬን በያዘ ቁጥር ደግሞ መኪናው «ሲጥጥጥ» ብሎ ያቋርጠዋል። ነጯ ኮሮላ እንዲህ ማልቀስ ከጀመረች ሰንብታለች፤ የፊት ፍሬን ሸራዋ አልቋል።

ደግነቱ አዲሱ ሸራ ከኋላ ዕቃ መጫኛው ውስጥ ተቀምጧል። ትናንት ነው ሆሳዕና መለዋወጫ ሱቅ ገብቶ የገዛው። እንዴት እንደመረጠው ግን ባይወራ ይሻላል። ከመሄዱ በፊት ያልጠየቀው ሰው አልነበረም፤ አሮጌውን ይዘህ ሂድና አስተያይ፣ ውፍረቱን እይ፣ ሸራው ከብረቱ ላይ በደንብ መጣበቁን እይ፣ ጫፉ እንዳይሰነጠቅ ብለውታል። ባለሱቁም ዋናውን፣ የዋናውን ወንድም፣ እና «ይሄም ያው ይይዛል» የሚባለውን ሊያሳየው ተነሣ። የመጀመሪያውን ለማውረድ መሰላል ወጣ፣ ሣጥን አገላበጠ፣ አቧራ ጠጣ፣ ደጋግሞ አስነጠሰ። ተረፈ በቃ እዚያው ላይ ተሸነፈ። ሰው እንዲህ ደክሞልህ አልወስድም ማለት ምን የሚሉት ጭካኔ ነው? ውፍረቱንም ሳያይ፣ ስንጥቁንም ሳይፈልግ «ይሄ ነው የምፈልገው» ብሎ ከፈለ። እንደ ዕድል ሆኖ በማስነጠስ የወረደው ዋናው ነበር፤ ይሉኝታው ጠቅሞት የሚያውቀው ያን ቀን ብቻ ነው። ሰኞ ጋራዥ ወስዶ ሊያስገጥመው አስቦ ነበር።

ዶዮገና ሲደርሱ አቶ ማቴዎስ ጋቢያቸውን ለብሰው ግቢው በር ላይ ቆመዋል። ተረፈ ከመኪናው ወርዶ ቀረባቸው። እሳቸውም እጃቸውን ዘረጉ፤ እሱ ከቆመበት አንድ እርምጃ ራቅ አድርገው፣ አጥሩን ሊጨብጡ። «አባባ፣ እዚህ ነኝ» ማለት ነበር የሚገባው። ያቺ ሲያጠናት የመጣት አረፍተ ነገርም ከዚህ የተሻለ መግቢያ አታገኝም ነበር። ተረፈ ግን ምን ቢያደርግ ጥሩ ነው? በእግሩ ጣቶች እየረገጠ ሹልክ ብሎ ሄደና እጃቸው ያለበት ቦታ ቆሞ፣ ጎንበስ ብሎ በሁለት እጁ ጨበጣቸው።

ራሄል ግልምጥ አደረገችው።

«መምህር፣ እንደምን ሰነበቱ?» አሉ አቶ ማቴዎስ። «ሸራዎ አልቋል እኮ። ከታች መታጠፊያው ጋ ሲይዙ ነው የሰማሁት።»

አቶ ማቴዎስ ዕድሜ ልካቸውን ኤንትሬ የጭነት መኪና ላይ የኖሩ ሾፌር ናቸው፤ የመኪና ድምፅ ከሰው ድምፅ አብልጠው ይለያሉ። አማቻቸውን አንድም ቀን «አንተ» ብለውት፣ በስሙም ጠርተውት አያውቁም። በዚያ አገር አማትና አማች ይከባበራሉ፤ አንዱ የሌላውን ቃል አይመልስም። መልካም ወግ ነው። እንደ ተረፈ ያለ ሰው እጅ ሲገባ ግን መልካም ወግም ይበላሻል።

«አዲስ ገዝቻለሁ አባባ» አለ ተረፈ፣ ለማስደሰት ብሎ። «ሰኞ ጋራዥ ይገጥሙልኛል።»

«ጋራዥ?» አሉ አቶ ማቴዎስ፤ ፊታቸው ጠቆረ። «እኔ በቁሜ? የልጄ ባል ሸራ ለማስቀየር ጋራዥ ይለፋ?»

«በየትኛው ዓይንዎ ነው አባዬ የሚቀይሩት?» አለች ራሄል፤ እሷ ነገር አታሳድርም።

«ሸራ የሚቀየረው በእጅ ነው!» ብለው ጮኹ። «እንዲያውም ስሙ! ይሄን ሸራ በእጄ ቀይሬ ካላሳየኋችሁ ዛሬውኑ ሆስፒታላችሁ ውሰዱኝ። ከቀየርኩ ግን ከእንግዲህ ስለ ዓይን የሚያነሣብኝ ሰው እንዳይኖር፣ በቃ!»

ራሄል ዓይኗ በራ። ባሏን ወደ ጎን ሳብ አደረገችና «ራሳቸው አመጡት! አንተ መናገርም ቀረልህ» አለችው። «አንድ ነገር ብቻ ነው የምለምንህ፤ ቁጭ ብለህ ተመልከት። እንዳትረዳቸው። ሲያቅታቸው አብረውን ይሄዳሉ።»

«እሺ» አለ ተረፈ።

እሺ ማለት መቼም ለሱ ቀላል ነው።

ሥራው ተጀመረ። አቶ ማቴዎስ ከአልጋቸው ሥር የቆርቆሮ ሣጥናቸውን ጎትተው አወጡ፤ ክሪኩ፣ መፍቻው፣ ካቻቪቴው፣ ሁሉም በየቦታው ነው። ከኋላ ጎማ ሥር ድንጋይ አስደገፉ፣ የቀኙን ጎማ ዳዶዎች አላሉ፣ በክሪክ አነሡና ጎማውን ነቀሉ። ጎረቤቱም «ጋሽ ማቴ ዛሬም መኪና ይፈታሉ!» እያለ አጥር ላይ ተሰበሰበ። እጃቸው እውነትም ሥራውን አልረሳም። ችግር የመጣው ብሎን ሲወድቅ ነው። አንዱ ብሎን ከእጃቸው አምልጦ ሣር ውስጥ ገባ። ተንበርክከው መዳበስ ጀመሩ፤ ብሎኑ ጉልበታቸው አጠገብ ተቀምጦ እሳቸው ማዶ ይፈልጋሉ። ጎረቤቱ ዝም አለ።

ያ ዝምታ ነው ተረፈን የገደለው። የቤት ሥራ ደብተሩን ረስቶ ክፍል ፊት የቆመ ተማሪ ያየ መሰለው። ራሄል በዓይኗ «ተው!» እያለችው በጫማው ጫፍ ብሎኑን ገፋ፣ ገፋ፣ ገፋና የአማቱ እጅ ሥር አደረሰው።

«አገኘሁት!» አሉ አቶ ማቴዎስ። ጎረቤቱ ተነፈሰ። ራሄል ጥርሷን ነከሰች።

ከዚያ ወዲያ ተረፈን ማን ይመልሰው! መፍቻ ሲፈልጉ መፍቻው እንዳጋጣሚ እጃቸው ሥር ይገኛል። ካቻቪቴ ሲሉ ካቻቪቴው ይመጣል። አሮጌዎቹን ሁለት ሸራዎች አወጡ፤ ከማለቃቸው የተነሣ ብረቱ ሊገጥ ትንሽ ቀርቶታል። አዲሶቹን በጣታቸው ዳሰስ ዳሰስ አድርገው፣ አንዱን ከዲስኩ በዚህ፣ አንዱን በዚያ ጎን አስቀመጡና «ግራሶ ላምጣ» ብለው ግድግዳ እየዳበሱ ወደ ቤት ገቡ።

ጎረቤቱ እርስ በርሱ ወሬ ይዟል፣ ራሄልም ልጆቹን ልታይ ሄዳለች፤ ተረፈ ጎማው አጠገብ ብቻውን ቀረ። ጎንበስ ብሎ አየ። አንደኛው ሸራ ብረት የሌለበትን ፊቱን ወደ ውስጥ፣ ሌላኛው ፊቱን ወደ ውጪ አድርጓል። «ወይ ጉድ!» አለ በልቡ። «አንዱን ገልብጠውታል!» የመምህር ዓይን ነው ያየው። በሱ አስተሳሰብ ሁለት ነገር ጎን ለጎን ከቆመ፣ እንደ ሰልፍ ተማሪ ሁለቱም ወደ አንድ አቅጣጫ ማየት አለበት። እድሜ ልኩን ፍሬን ሲረግጥ ኖሮ ፍሬን ምን እንደሚመስል ገልጦ ያየው ገና ያን ቀን መሆኑን ትንሽ ቢያስታውስ ምን ነበረበት! ግራ ቀኙን ተመለከተ፣ የሚያየው ሰው አለመኖሩን አረጋገጠ፣ የውስጠኛውን ሸራ አውጥቶ ገለበጠና መልሶ አስገባ። የአማቱን ክብር ያዳነ መስሎት ደረቱ ሞቀው።

አቶ ማቴዎስ ተመልሰው ሲገጥሙት «ትንሽ ያዝ አደረገ» አሉ።

«አዲስ ስለሆነ ነው አባባ» አለ ተረፈ፣ አዋቂ ሆኖ።

የግራውን ጎማ ደግሞ ሲጀምሩ ወይዘሮ ውቢት ከቤት ውስጥ ተጣሩ። ገንፎው ደርሷል፤ ሲበርድ ቅቤው ይረጋል። እምቢ ይበል? ማን፣ ተረፈ? ገብቶ ተቀመጠና እየዋጠ፣ እያመሰገነ፣ እየቃጠለው ጨረሰ። ሲወጣ የግራውም ጎማ ታስሮ አልቋል። አቶ ማቴዎስ ከመሪው ኋላ ተቀምጠው ፍሬኑን እየደጋገሙ ይረግጡ ነበር።

«ጠጠረ!» ብለው አወጁ። «ያዘ! እህ፣ ራሄል? ዓይን አሉኝ!»

ጎረቤቱ «እሰይ ጋሽ ማቴ!» ብሎ አጨበጨበ። ልጆቹ አያታቸው ላይ ተንጠለጠሉ። ራሄል ብቻ ቀስ ብላ ወደ ባሏ ተጠጋች፤ ዓይኗ እንባ አቅርሯል።

«ረድተሃቸዋል፤ አይደል?»

«እኔ? ኧረ በጭራሽ!»

«ብሎኑን ስትገፋ አይቼሃለሁ ተረፈ። ሰኞ ሐኪሞቹ ይሄዳሉ። አባቴ ቢታወሩ አንተ ነህ ያሳወርካቸው» አለችና ፊቷን አዞረች።

ተረፈ ሲጨንቀው የሚያደርገውን አደረገ፤ «ነዳጅ ልቅዳ» ብሎ መኪናዋን አስነሥቶ ወጣ።

ከግቢው በር ሳይርቅ ፍሬን ሲይዝ «ክርርርር!» አለች። እንደ ቀድሞው ማልቀስ አይደለም፤ ብረት ብረትን ሲፍቅ ነው። ተረፈ መኪናዋን ዳር አስያዘ። «የግራው ነው» አለ። «እኔ ሳላይ የገጠሙት። ገልብጠውታል!» አሁን ምን ይሁን? ተመልሶ «አባባ፣ አበላሽተውታል» ይበል? በሰው ሁሉ ፊት? ከሱ ሞት ይሻላል። ዝም ብሎ ደግሞ ሚስቱንና ልጆቹን ጭኖ ያንን ቁልቁለት ይውረድ? ይሉኝታ ይሉኝታ ነው፣ ልጆቹን ግን አይሰጥም። ስለዚህ ሦስተኛውን መንገድ፣ የፈሪውን መንገድ መረጠ። ናስረዲን ጋራዥ ሄዶ ተደብቆ ያስተካክልና ምንም እንዳልሆነ ሰው ይመለሳል።

ናስረዲን ድሮ የአቶ ማቴዎስ የጭነት መኪና ረዳት የነበረ፣ አሁን ዋናው መንገድ ዳር የራሱን ጋራዥ የከፈተ ሰው ነው። ተረፈ በሹክሹክታ ነገሩን አስረዳው።

«የሞተ ሰው አለ እንዴ፣ ምን ያንሾካሹክሃል?» አለው ናስረዲን።

«ጋሼ እንዳይሰሙ ነው። የግራውን ብቻ እይልኝ፣ ቶሎ። አደራህን፣ ማንም እንዳያውቅ።»

ናስረዲን ትከሻውን ነቅንቆ መኪናዋን በክሪክ አነሣ። የግራውን ጎማ ነቅሎ ሊያጎነብስ ሲል በእንሰቱ መሃል ካለው የእግር መንገድ ሰው ብቅ አለ። አቶ ማቴዎስ ናቸው። መኪና ዞሮ የሚመጣበትን መንገድ እግረኛ አቋርጦ ይደርስበታል። ሱሪያቸው ጉልበቱ ድረስ ጭቃ ነው፤ መንገድ ላይ ወድቀዋል። እያለከለኩ መጥተው፣ ከቆመችው ነጭ መኪና አጠገብ፣ ተረፈ ቆሞ ካለበት ክንድ በማይሞላ ርቀት ላይ ቆሙ። አላዩትም።

«ናስረዲን! አለህ?»

«አለሁ ጋሼ» አለ ናስረዲን፣ አንዴ እሳቸውን አንዴ ተረፈን እያየ።

«እግዚአብሔር ይመስገን፣ ደረስኩ። ስማኝ ልጄ። የልጄ ባል አሁን ነዳጅ ቀድቶ በዚህ ያልፋል። በሆነ ምክንያት አስቁመው፤ ጎማህ ጎድሏል በለው፣ የፈለግከውን በለው፣ ብቻ የግራውን ሸራ ፍታና እይ። ከግቢ ሲወጣ ድምፁን ሰማሁት። ብረት ለብረት ነው። እኔ ነኝ ያበላሸሁት። ሸራው ከእጄ ወድቆ መልሼ ሳስገባው የቱ ፊቱ እንደሆነ ጠፋኝ። እጄ ግራሶ ነበር፣ መለየት አቃተኝ። አይታየኝም ናስረዲን! ምንም አይታየኝም። አሁን እንኳ አንተን አላይህም።»

ናስረዲን መፍቻውን እንደያዘ ቀረ።

«ታዲያ ለመምህሩ አይነግሩትም ጋሼ?»

«እንዴት ብዬ? ያ ሰው ያከብረኛል። ከገባ ጀምሮ አንድ ቀን አይችሉም ብሎኝ አያውቅም። እንዴት ብዬ ልጆችህን ልገድልብህ ነበር ልበለው? ሐኪም ቤቱንም እንቢ ያልኩት ቢላውን ፈርቼ ነው እንጂ ዓይኔ መጥፋቱ ጠፍቶኝ መሰለህ? ሾፌር ሆኖ ፈሪ፣ ይባላል?»

ተረፈ በሕይወቱ እንዲህ ያለ ነገር ሰምቶ አያውቅም። እኒህ ሰው በዚህ ዓይናቸው እየወደቁ እየተነሡ የመጡት እሱ ስላከበራቸው ነው! አንድ ቀን፣ አንድ ጊዜ ብቻ እውነቱን ነግሯቸው ቢሆን ኖሮ ጭቃ ውስጥ ባልወደቁ። ይህን እያሰበም፣ የሰው ልጅ ከንቱ ነው፣ እግሩ ወደ ኋላ መሄድ ጀመረ። «ቀስ ብዬ ሹልክ ብል ማን ያየኛል?» አለ በልቡ። «አያዩኝም እኮ።»

አያዩኝም! ቃሉ ራሱ እንደ ጥፊ መታው። በራሱ አፈረ፤ ከልቡ፣ ከነጨጓራው አፈረ። ቆመ።

«አባባ፣ እኔ እዚህ ነኝ» አለ።

አቶ ማቴዎስ ድንግጥ አሉ። ፊታቸውን አዙረው እጃቸውን ዘረጉ፤ ተደርድረው ወደተቆለሉት አሮጌ ጎማዎች። የተረፈ እግር እንደ ልማዱ ወደ ጎማዎቹ ሊሄድ ተነሣ። ይዞ አስቀረው።

«እዚያ አይደለሁም አባባ። ወደ ቀኝ ይምጡ። ትንሽ። አዎ፣ እዚህ ነኝ።» ከዚያ ያቺን ጠዋት ያጠናትን አረፍተ ነገር አወጣ። «አይታይዎትም አባባ። እንሂድ።»

እጃቸው አየር ላይ ሲፈልግ ቆይቶ ደረቱን አገኘው፤ ከደረቱ ወርዶ እጁን ያዘው።

«አይታየኝም» አሉ። «ቢላውን እፈራለሁ።»

«እኔም እፈራለሁ። አብረን ሄደን አብረን እንፈራለን።»

ናስረዲን ጎንበስ ብሎ ነገር እንደሌለው ሰው የግራውን ፈታ። እውነትም አንዱ ሸራ ተገልብጧል፤ ብረቱ ዲስኩን ጫር ጫር አድርጎታል፣ ግን ብዙም አልጎዳውም።

«ምንም አይደል አባባ» አለ ተረፈ ቸር ሆኖ፤ ጀግንነቱ ገና አልወጣለትም። «ማንም ላይ የሚደርስ ነው።»

«ቀኙንም ልየው» አለ ናስረዲን።

«ቀኙ ደህና ነው» አሉ አቶ ማቴዎስ። «እሱን እጄ ሳይቆሽሽ ነው የገጠምኩት። በጣቴ ዳስሼ፣ ፊት ለፊት አድርጌ ነው ያስቀመጥኩት።»

ፊት ለፊት ሲባል የተረፈ ጆሮ ቆመ። ናስረዲን ቀኙን ፈታና ረጅም ፉጨት አፏጨ።

«ይሄም ተገልብጧል ጋሼ። ሁለቱም ሸራ እንደ ሰልፈኛ ወደ አንድ ወገን ነው የሚያየው። ሸራና ሸራ እኮ መተያየት አለበት!»

«አይሆንም!» አሉ አቶ ማቴዎስ። «እጄን አውቀዋለሁ! እንዴት...?» ግራ ገብቷቸው እጃቸውን አገላበጡ፤ ገና ዛሬ እጃቸውንም ሊጠራጠሩት ነው።

ዝም ቢል ያልፋል። ዝም አይነቅዝም። ተረፈ ወደ አማቱ ጠጋ አለ።

«እሱን... እኔ ነኝ አባባ። ግራሶ ሊያመጡ ሲገቡ ተሳስተዋል ብዬ ገለበጥኩት።»

ናስረዲን ሳቁን ሊይዝ ፊቱን አዞረ። አቶ ማቴዎስ ፊታቸውን ወደ ተረፈ ድምፅ አዞሩ።

«እኔስ ዓይኔ ታሞ ነው» አሉ። «አንተ ምንህን ነው የታመምከው?»

አንተ! ከጋብቻው ጀምሮ የመጀመሪያዋ «አንተ» ናት። ተረፈ ሳቀ። እሳቸውም ሳቁ። ናስረዲንማ መሬት ላይ ተቀምጦ ነው የሳቀው፤ ከዚያ ተነሥቶ ሸራዎቹን ፊት ለፊት አድርጎ ገጠማቸው።

ሲመለሱ ራሄል በር ላይ ቆማ ነበር። አባቷን ከፊት ወንበር ተቀምጠው ስታይ ጭቃውን አየች፣ ደነገጠች።

«ምን ሆነው ነው? የት ነበራችሁ?»

«ሌላ ጋቢ አምጪልኝ» አሉ አባቷ። «ሆሳዕና እሄዳለሁ። አይታየኝም።»

ራሄል አፏን ከፍታ ቀረች። ከዚያ በባሏ በኩል ዞራ መጣችና በመስኮቱ እጁን ጨበጠችው። «ምን ብለህ አሳመንካቸው?» አለችው፤ እንዲህ ባለ ዓይን ካየችው ቆይታለች።

ተረፈን ፈተነው። ብዙ ጥሩ ጥሩ ውሸት ምላሱ ጫፍ ላይ መጣ። «እኔ አላሳመንኳቸውም» አለ። «ብሎኑን ገፍቻለሁ። ደህና የነበረውንም ሸራ ገልብጫለሁ። በጆሯቸው ሰምተው በእግራቸው የመጡት እሳቸው ናቸው።»

«የብሎኑን እንኳ አውቄዋለሁ» አለች ራሄል፤ እጁን ግን አልለቀቀችም።

ወይዘሮ ውቢት በጨርቅ የታሰረ ሳህን ይዘው ወጡ። «ለመንገድ ነው፣ ቅቤውን ጨመር አድርጌበታለሁ» አሉና ለተረፈ ሊሰጡት በመስኮቱ ዘረጉ።

«ተይ ውቢት» አሉ አቶ ማቴዎስ ከወንበራቸው። «ይሄ ሰው ቅቤ አይችልም። ከበላ በኋላ ጓሮ ሄዶ ሲያቃስት ስንት ዓመት እሰማዋለሁ።»

ሁሉም ወደ ተረፈ ዞሩ። ሰምተው ኖረዋል! ሰምተው፣ አማች እንዳያፍር ብለው ዝም ብለው ኖረዋል!

«እውነት ነው?» አሉ ወይዘሮ ውቢት።

«እውነት ነው እማማ» አለ ተረፈ፤ በአንድ ቀን ስንተኛው እውነት እንደሆነ እንጃ፣ እንደ መጀመሪያው ግን አልከበደውም። «ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ያቃጥለኛል።»

ወይዘሮ ውቢት ሳህኑን ወደ ደረታቸው መልሰው ያዙት። «እኔ ደግሞ» አሉ ቀስ ብለው፣ «እሳቸው ይወዳሉ ብዬ ላሟ የሰጠችውን አንድም ቀን ሳልቀምስ አጠራቅማለሁ።» ተቀየሙ ሲባል ሳቅ ቀደማቸውና ራሳቸው ጨርቁን ፈታ አድርገው ከሳህኑ ላይ በጣታቸው ቆርሰው ጎረሱ። «ኧረ እንዴት ያለ ቅቤ ነው!» አሉ፤ ቃሏ የተረፈ ናት።

ተሰነባብተው ወጡ። ከከተማው ጫፍ ቁልቁለቱ ይጀምራል። ተረፈ ማርሽ ቀነሰና ፍሬኑን ቀስ ብሎ ረገጠ። መኪናዋ ያለ ምንም ድምፅ ፍጥነቷን ቀነሰች። አጠገቡ የተቀመጡት አማቱ ጆሯቸውን አቁመው አዳመጡ።

«ያዘ?»

«ያዘ አባባ።»

አቶ ማቴዎስ ትንሽ አሰቡ።

«እውነትህን ነው» አሉ፣ «ወይስ ደስ እንዲለኝ ነው?»

ተረፈ ከመመለሱ በፊት ፍሬኑን ደግሞ ረገጠው፤ ልጆቹን በስፖኪዮ አየ፣ መንገዱን አየ፣ ከዚያ ወደሳቸው ዞሮ «እውነቴን ነው» አለ።

«እንግዲያው ልተኛ» አሉና ጋቢያቸውን ተከናነቡ።